የእጅ ቁስል፤ ቀጠሮውና ካርዱ



ዛሬ የምንነጋገርበት ጉዳይ ስሙ ሲጠራ ከቤት ጽዳት የራቀ ይመስላል፤ ነገሩ ግን የሚነሣው ከማጀት ነው። በእጅ ላይ የደረሰ ቁስል በጤና ጣቢያ ታጥቦ ከታሰረ በኋላ፣ በሽተኛው በቀጠሮው ቀን ሲመለስ ምን ይደረግለታል? በመዝገቡስ ላይ ምን ተብሎ ይጻፍለታል? ይህን በአጭሩ ልናስረዳችሁ እንወዳለን።

እጅ ከሰውነታችን ክፍል ሁሉ ሥራ የሚበዛበት ነው። ሽንኩርት ሲከተፍ ቢላዋ ያገኘዋል፤ እንጨት ሲፈለጥ መጥረቢያ፣ በአጨዳ ጊዜ ማጭድ፣ ዕቃ ሲታጠብ የተሰበረ ብርጭቆ ይቈርጠዋል። ከቆዳው ሥር ጅማቱና ነርቩ ቅርብ ስለሆኑ፣ ላይ ላዩን ሲያዩት ትንሽ የሚመስል ቁስል ጣትን እንዳይታጠፍ ወይም እንዲደነዝዝ ሊያደርግ ይችላል።

ቁስሉ እንደ ደረሰ የሚደረገው እንዲህ ነው፤ ንጹሕ ጨርቅ አድርጎ ጫን ብሎ መያዝ፤ እጁን ወደ ላይ ከፍ ማድረግ፤ ደሙ ሲቆም በብዙ ንጹሕ ውሃና በሳሙና ማጠብ፤ ቀለበት ካለ ጣቱ ሳያብጥ ማውለቅ፤ ከዚያም በንጹሕ ጨርቅ ሸፍኖ ወደ ጤና ጣቢያ መሄድ። የቡና ዱቄት፣ ቅቤ ወይም ዐመድ ማድረግ ግን አይገባም። ደሙን ያቆመ ይመስላል እንጂ ቆሻሻ ይዞ ወደ ውስጥ ይገባል፤ ሐኪሙም የቁስሉን ጥልቀት እንዳያይ ይጋርደዋል። መንጋጋ ቆልፍ የሚባለው ክፉ በሽታ ዘሩ በአፈርና በከብት እበት ውስጥ ይኖራል፤ ብዙውን ጊዜም ቁስሉ ከደረሰ ከ3 እስከ 21 ቀን ባለው ጊዜ ውስጥ ይነሣል። ስለዚህ ክትባት መቼ እንደተከተባችሁ ለሐኪሙ መንገር ያስፈልጋል።

እንግዲህ ከዚህ በኋላ ነው ችግሩ። ብዙ ሰው ፋሻው ከታሰረለት «በቃ፣ ዳንኩ» ይላል። ሕመሙ ቀለል ሲል፣ መንገዱ ሲርቅ፣ የቤት ሥራው ሲበዛ ቀጠሮው ይረሳል። ፋሻ ግን ቁስልን ይሸፍናል እንጂ ከሥሩ ያለውን አያሳይም። ብዙ ጊዜ በ2ኛው ወይም በ3ኛው ቀን ተመልሶ መታየት የሚያስፈልገው ስለዚህ ነው፤ ቁስሉ መመርቀዝ ከጀመረ በዚያ ሰሞን ይታወቃልና። የተሰፋ እንደሆነ ክሩ እንደ ቦታው ከ8 እስከ 14 ቀን ባለው ጊዜ ይወጣል። ጣቱ በሙሉ ካበጠና ሲዘረጉት ብርቱ ሕመም ካለው፣ መግል ከወጣ፣ ቀይ መስመር ወደ ክንድ ከወጣ፣ ትኩሳት ከመጣ፣ ወይም ጣቱ ከደነዘዘ፣ ቀጠሮ ሳይጠብቁ በዚያኑ ዕለት መምጣት ነው። ሳይቃጠል በቅጠል ይባል የለም?

አሁን ወደ መዝገቡ እንምጣ። የዓለም አገሮች በሽታንና ጉዳትን በአንድ ቋንቋ ለመጻፍ የሚጠቀሙበት ዝርዝር አለ። መነሻው እ.ኤ.አ. በ1893 የወጣው የሞት ምክንያቶች ዝርዝር ነው፤ ከ1948 ወዲህ የሚያዘጋጀው የዓለም የጤና ድርጅት ሲሆን፣ በዚያው ዓመት ከሞት ሌላ በሽታንና ጉዳትንም እንዲይዝ ሆነ። 11ኛው እትም ከ2022 ጀምሮ በሥራ ላይ ቢውልም፣ ብዙ አገሮች ገና በ10ኛው ስለሚጠቀሙ ምሳሌያችንን ከ10ኛው እንወስዳለን።

አንዲት እናት ሽንኩርት ስትከትፍ ጣቷን ቢላዋ ቈረጣት እንበል። ሰኞ ስትመጣ፣ ጥፍሯ ያልተነካ የጣት ቁስል ስለሆነ «ኤስ 61.0» ተብሎ ይጻፋል። ረቡዕ ስትመለስ ቁስሉ ደኅና ሆኖ ፋሻው ብቻ ቢለወጥላት፣ «ዜድ 48.0» ይባላል፤ ይኸውም ፋሻንና ስፌትን ለመከታተል መጣች ማለት ነው። ዓርብ መግል ይዞ ቢገኝ ደግሞ «ቲ 79.3» ይጻፋል፤ ከጉዳት በኋላ ቁስሉ መረቀዘ ማለት ነው። ሦስት ቀን መጣች፤ ቁስሏ ግን አንድ ነው።

ሦስቱም ቀን «አዲስ ቁስል» ተብሎ ቢጻፍ፣ በዓመቱ መጨረሻ አንዲቱ እናት ሦስት ሰው ሆና ትቆጠራለች። ሦስቱም ቀን «ፋሻ ተለወጠ» ብቻ ቢባል ደግሞ መግሉ ከመዝገብ ይጠፋል፤ በዚያ ቀበሌ ስንት ቁስል እንደመረቀዘ፣ ምን ያህል መድኃኒትና ክትባት እንደሚያስፈልግ የሚያውቅ አይኖርም። በሌሎች አገሮችም ይህን ለመለየት ይጥራሉ። በአሜሪካ ከ2015 ጀምሮ በሚሠራበት ዝርዝር፣ የቁስሉ ቁጥር እንደ ሆነ ይቆይና በመጨረሻው ላይ ፊደል ይጨመርበታል፤ ቁስሉ ገና በሚታከምበት ጊዜ «ኤ»፣ እየዳነ ለክትትል ሲመጣ «ዲ»፣ ቁስሉ ድኖ ጠንቁ ሲቀር «ኤስ» ይጻፋል። መንገዱ ቢለያይም ዓላማው አንድ ነው፤ የመጀመሪያው ቀንና የተመላሹ ቀን እንዳይደባለቅ።

ታዲያ «ይህ የጸሐፊው ሥራ ነው፤ እኛን ምን አገባን?» ትሉን ይሆናል። ጸሐፊው የሚጽፈው ሐኪሙ ያወቀውን ነው፤ ሐኪሙም የሚያውቀው ካያችሁትና ከምትነግሩት ነው። ስለዚህ ስትመለሱ ካርዳችሁን ይዛችሁ ኑ። «ለቀጠሮ ነው የመጣሁት፤ ቁስሉ የደረሰብኝ በዚህ ቀን ነው፤ በዚህ ምክንያት ነው» በሉ። ሌላ ሐኪም ቤት ሄዳችሁ እንደሆነም ሳትሸሽጉ ንገሩን። በሽታውን የደበቀ መድኃኒት የለውም። ካርዱ ከሌለ አዲስ ካርድ ይወጣል፤ ሐኪሙም ቁስሉን እንደ አዲስ ሊያየው፣ የተሰጠውንም ክትባት ሳያውቅ ሊደግመው ይችላል።

አንድ ነገር ብቻ እንጨምርና እናብቃ። መግል የያዘ ጣት ባለቤቱን ብቻ አይጎዳም። በመግሉ ውስጥ ያሉት ተሕዋስያን ወደ ምግብ ከገቡ መርዝ ይሠራሉ፤ ያም መርዝ አንዴ ከተሠራ ምግቡን በማፍላት አይጠፋም። ስለዚህ ጣቱ የመረቀዘ ሰው እስኪድን ድረስ ሊጥ አያቡካ፣ ወጥ አይሥራ፣ ለሕፃንም አያጉርስ። በዚያ ሰሞን የማጀቱን ሥራ ባል ወይም ልጆች ቢረከቡ ነውር የለውም፤ የቤተሰብ ጤና መጠበቅ ነው። ፋሻው ቢረጥብ ወይም ቢቆሽሽ ተመልሶ ይለወጥ፤ ፋሻ የነካ እጅም በሳሙና ይታጠብ።

በየቤታችሁ ሣጥን ውስጥ ለጤና ካርድ አንድ ንጹሕ ቦታ አብጁለት። የቀጠሮውን ቀን ማንበብ የሚችል ልጅ ጮክ ብሎ ያንብበው፤ ቤተሰቡም ሁሉ ይስማው፤ ቀኑ ሲደርስ የሚያስታውስ አይጠፋምና።