የአውሬዎች ጨዋታና የሰያ ደብሩ ሰው



የዛሬው ንግግራችን ስለ ሳቅ ነው። ሳቅም ያስከስሳል ወይ? ትሉን ይሆናል። አዎን፣ ያስከስሳል። በአገራችን የመጀመሪያው ዘመናዊ ቴያትር የታገደው ሹማምንቱን አሳቀባቸው ተብሎ ነው። ጸሐፊውም የሩቅ ሰው አይደሉም። በ1876 ዓ.ም. በሸዋ፣ በሰያ ደብር ተወለዱ። ሰያ ደብር የሞረትና የጅሩ ጎረቤት ናት።

ስማቸው በጅሮንድ ተክለ ሐዋርያት ተክለ ማርያም ይባላል። ከዐድዋ ጦርነት በኋላ ገና ልጅ ሳሉ ወደ ሩሲያ ሄዱ፤ ብዙ ዓመትም ተማሩ። የተማሩት የመድፍ ትምህርት ነው። ታዲያ መድፈኛን ከቴያትር ምን አገናኘው?

ቴያትር ማለት ሰዎች በተመልካች ፊት ቆመው፣ የሌላውን ሰው ጠባይና አነጋገር እየመሰሉ የሚያሳዩት ጨዋታ ነው። የሚያስቀው ዐይነት ኮሜዲያ ይባላል። በጅሮንድ አዲስ አበባ ከተመለሱ በኋላ በቴራስ ሆቴል የሚታየውን ጨዋታ አዩ፤ ቴያትር ግን አልመሰላቸውም። ስለዚህ ራሳቸው ጻፉ። ስሙ ‹ፋቡላ፣ የአውሬዎች ኮሜዲያ› ነው። በ1913 ዓ.ም. ገደማ እዚያው ሆቴል ታየ።

አውሬዎችን ለምን መረጡ? ላ ፎንቴን የሚባል የፈረንሳይ ሰው ከሦስት መቶ ዓመት በፊት የእንስሳት ተረቶችን ጽፎ ነበር። በጅሮንድ መንገዱን የተማሩት ከእርሱ ነው። ከላ ፎንቴን ተረቶች አንዱን እንንገራችሁ።

ተኩላ ከወንዙ ራስ፣ ግልገል ደግሞ ከታች ውሃ ይጠጣሉ። ተኩላው ‹ውሃዬን ለምን ታደፈርስብኛለህ?› አለ። ግልገሉ ‹ጌታዬ፣ እኔ ከታች ነኝ፤ ውሃ ሽቅብ አይፈስም› አለ። ‹አምና ሰድበኸኛል!› ‹አምና አልተወለድሁም።› ‹እንግዲያው ወንድምህ ነው!› ‹ወንድም የለኝም።› ‹ከዘመዶችህ አንዱ ነዋ!› አለና በላው።

ይህን የሰማ ገበሬ ተኩላው ማነው ብሎ አይጠይቅም። ሰበብ ፈልጎ የሚበላ ሹም አይቶ ያውቃል። ሹሙም ‹ሰደብኸኝ› ቢል ‹ኧረ ጌታዬ፣ እኔ ያወራሁት ስለ ተኩላ ነው› ይባላል። የተቆጣ ሹም ራሱን አጋለጠ ማለት ነው። ሰምና ወርቅ ለምታውቁት ለመንዝና ለመርሐቤቴ ሰዎች ይህን ማስረዳታችን ለቀባሪ አረዱት ሳይሆንብን አይቀርም።

የበጅሮንድ ጨዋታም ጉቦንና የአስተዳደርን ኋላ ቀርነት የሚነቅፍ ነበር። መኳንንቱ ግን ወርቁን አላጡትም። ነገሩ ንግሥት ዘውዲቱ ዘንድ ደረሰ፤ ቴያትሩ ታገደ፤ የታተመውም መጽሐፍ ተሰበሰበ። እኛን የሚገርመን ቅጣቱ ለአንድ ጨዋታ ብቻ አለመሆኑ ነው። ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ በ1923 ዓ.ም. ዘውድ እስኪጭኑ ድረስ ቴያትር ጠፍቶ ኖረ። በአውሬ ተረት ይህን ያህል ድንጋጤ!

በጅሮንድ ከዚያ ወዲያ ወደ መንግሥት ሥራ አዘነበሉ። በ1923 ዓ.ም. የወጣውን የመጀመሪያውን ሕገ መንግሥት አረቀቁ። በ1928 ዓ.ም. ኢጣልያ ስትወርረን በጄኔቭ በመንግሥታት ማኅበር ፊት ቆመው ስለ ኢትዮጵያ ተከራከሩ። በማዳጋስካር ተሰደዱ። በ1969 ዓ.ም. አረፉ። የሚታወቅላቸው ቴያትር ያ አንዱ ብቻ ነው። ልጃቸው ግርማቸው ተክለ ሐዋርያት ግን ድርሰትን ቀጠሉበት፤ ስለ ዐፄ ቴዎድሮስም ቴያትር ጽፈዋል።

አሁን ተራው የእናንተ ነው። በየቤታችሁ ስለ ጅብ፣ ስለ ጦጣና ስለ አህያ የሚነገሩ ተረቶች አሉ። የምታውቁትን አንዱን በደብተራችሁ ጻፉ። በሚመጣው ስብሰባ ተራ በተራ እናነበዋለን። ጅቡ ማን እንደ ሆነ ግን አትጻፉ!