ሰው ሲወድቅ ስለ ምን እንስቃለን?

(በትምህርት ቤታችን የምሥረታ በዓል ላይ የተደረገ ንግግር)



ልንናገርበት የመረጥነው ነገር ቀላል ይመስላል፤ ለእኛ ግን ቀላል አይደለም። ባለፈው ዓመት አንድ የክፍል ጓደኛችን በዚሁ መድረክ ላይ ግጥም ሊያነብ ሲወጣ ተሰናክሎ ወደቀ። ሁላችንም ሳቅንበት። እርሱም ግጥሙን ሳያነብ ወረደ፤ ከዚያም ወዲህ ወደ መድረክ ወጥቶ አያውቅም።

ከጥቂት ጊዜ በኋላ ባስተር ኪተን የተባለው አሜሪካዊ በፈረንጆች አቆጣጠር በ1920 ዓ.ም. የሠራውን «አንድ ሳምንት» የተባለውን ድምፅ የሌለው አጭር ፊልም አየን። ሁለት ሙሽሮች በየሣጥኑ ተከፋፍሎ የመጣ ቤት በስጦታ ያገኛሉ። አንድ ቀናተኛ ሰው ግን የሣጥኖቹን ቁጥር በስውር ይለውጥባቸዋል። ሙሽራው መመሪያውን አምኖ ቢሠራ ቤቱ ጠማማ ሆኖ ይወጣል፤ የላይኛውን ፎቅ በር ከፍቶ ቢራመድ ከመሬት ይወድቃል፤ ዐውሎ ነፋስ ቢነሣ ቤቱ እንደ እንዝርት ይሽከረከራል። በመጨረሻም ቤቱ በባቡር ሐዲድ ላይ ተገትሮ ሳለ ባቡር ይመጣል። ባቡሩ ግን በጎን ባለው ሐዲድ ያልፋል። እፎይ ባልንበት ቅጽበት ሌላ ባቡር ከወዲያ በኩል ደርሶ ቤቱን ያደቀዋል። ጥበቡም ይኸው ነው፤ ዓይናችንን ወደ አንድ ወገን አስጠብቆ ነገሩን ከሌላው ወገን ያመጣዋል።

ያን ቀን እንባችን እስኪወርድ ሳቅን፤ የተዋረደ ሰው ግን አላየንም። ኪተን ከሕፃንነቱ ጀምሮ ከወላጆቹ ጋር በመድረክ ላይ መውደቅን የተማረ ነውና የሚወድቀው በፈቃዱ ነው። ፊቱ ሳይሥቅም ሳያለቅስም ተነሥቶ ሥራውን ይቀጥላል። ቤቱ ከፈረሰም በኋላ «የሚሸጥ» የሚል ጽሑፍ ሰክቶ፥ መመሪያውንም አክሎበት፥ ከሚስቱ ጋር መንገዱን ይሄዳል።

ጓደኛችን ግን የወደቀው በፈቃዱ አልነበረም፤ አብሮት የቆመም አልነበረም። «የወደቀ ዛፍ ምሳር ይበዛበታል» እንደሚባለው፥ ሳቃችን ምሳር ሆነበት። እንግዲህ ከሚወድቀው ጋር መሣቅና በወደቀው ላይ መሣቅ አንድ እንዳልሆነ የተረዳነው ዘግይተን ነው።

በዚህ ዓመት ትምህርታችንን ፈጽመን እንለያያለን። ሳንለያይ ጓደኛችንን ይቅርታ ጠይቀነዋል፤ እርሱም እሺ ብሎናል። ከእኛ ቀጥሎ ያንኑ ግጥም ያነብባልና በጭብጨባ እንድትቀበሉልን በትሕትና እንለምናለን።