ጥንዚዛን መቀለብ

እንጨት ሰርሳሪ ጥንዚዛን በሳጥን አኑሮ ስኳር ውኃ ማጠጣት ለሰሚው የሥራ ፈት ጨዋታ ይመስላል። ለጉለሌ ግን ቁም ነገር ነው ብዬ እከራከራለሁ። አዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲና የከተማው አስተዳደር ያቋቋሙት የጉለሌ ዕፅዋት ማዕከል በ705 ሄክታር መሬቱ ላይ ባሕር ዛፉን በአገር በቀል ዛፎች ለመተካት ይሠራል። ባሕር ዛፍ ሲቆረጥ ጉቶው ይቀራል፤ ጽዱም ወይራውም አርጅቶ ይወድቃል። ይህን እንጨት ማን እንደሚበላው ለማወቅ ቅርፊት መላጥ ብቻ አይበቃም። ዋናው በላተኛ እጩ ነው፤ እጭ ደግሞ ነጭ ትል በመሆኑ ዝርያውን መለየት ባለሙያንም ያስቸግራል። ማንነቱ በቅጡ የሚታወቀው ክንፍ አውጥቶ ሲወጣ ነው። ስለዚህ ግንዱን ቆርጦ፣ ቶሎ እንዳይደርቅ ጫፉን በሰም ደፍኖ፣ በሽቦ ወንፊት ሳጥን ውስጥ መጠበቅ ያስፈልጋል። የጣውላ ሳጥን አይሆንም፤ እሱንም ሰርስሮ ይወጣል።

«ጠላትን ማን ይቀልባል?» የሚል አይጠፋም። የካሊፎርኒያን ነገር እንይ። የአውስትራሊያው የባሕር ዛፍ ጥንዚዛ እዚያ የተገኘው እ.ኤ.አ. በ1984 ነው። መርጨት ብዙም አላዋጣም፤ መድኃኒት ቅርፊት ውስጥ ያለውን እጭ አይደርስበትም። ተመራማሪዎች ጥንዚዛውን አራብተው ሲያጠኑት፣ ውኃ በጠገበ ዛፍ ቅርፊት ውስጥ ጨቅላ እጮች እንደሚሞቱ፣ በተጠማ ወይም በተቆረጠ ግንድ ግን እንደሚያድጉ ደረሱበት። የጥንዚዛውን እንቁላል የምታጠፋ ትንሽ ተርብ ከአውስትራሊያ አምጥተው በ1993 ሲለቁም፣ ተርቧን ለማርባት የጥንዚዛ እንቁላል ግድ ነበር። ሆኖም በ1995 የተገኘውን የቅርብ ዘመዱን ተርቧ ያን ያህል አልቀነሰችውም፤ ዝርያን ለይቶ ማወቅ የሚያስፈልገው ለዚህ ነው።

ጥንዚዛው ያመልጣል የሚለው ስጋት ግን ተገቢ ነው። እኔም ከሌላ አገር፣ ከሌላ ክልልም ቢሆን፣ ጥንዚዛ አምጥቶ ማርባትን አልደግፍም። ከዚያው ከማዕከሉ የተቆረጠ ግንድ ግን የሌለ ነገር አያመጣም። ከባዱ ነገር ትዕግሥቱ ነው፤ ደረቅ እንጨት ምግቡ ስስ ስለሆነ እጩ ይዘገያል። አንድ የሰሜን አሜሪካ ጥንዚዛ ከተሠራ እንጨት ውስጥ ከ50 ዓመት በኋላ እንደወጣ ተመዝግቧል! ሁሉም ይህን ያህል አይዘገይም፤ ሆኖም ሳጥኑ ላይ የዛፉ ዓይነት፣ የተቆረጠበት ቦታና ቀን በማይለቅ ቀለም ካልተጻፈ፣ ጥንዚዛው ሲወጣ ከየት እንደመጣ የሚናገር አይኖርም።