ቤተልሔም ማለት

በቁጠባ መዝገባችን አራት «ቤቲ» አሉን፤ መታወቂያቸው ላይ ግን ሁሉም ቤተልሔም ናቸው። ባለፈው ወር ለአንዷ የብድር ደብዳቤ «ቤቲ» ብለን ጻፍንላት። ልጇ ታማባት ባንክ ብትሄድ በስሙ ምክንያት ባዶ እጇን ተመለሰች። ጥፋቱ የእኛ የሒሳብ ያዦች ነው።

ስሙ ከዕብራይስጥ የመጣ ነው። «ቤት» ያው የእኛው ቤት ነው፤ ቀሪው ዳቦ ማለት ነው፤ የእንጀራ ቤት እንበለው። ሙስሊም እህቶቻችን «በዐረብኛ ላሕም ሥጋ ነው» ብለው አሳቁን። ልክ ናቸው፤ በግዕዝም ላህም ላም ነው። በኦርቶዶክስ ቤተ ክርስቲያን ደግሞ የቅዳሴው ኅብስት የሚዘጋጅበት ቤት ቤተልሔም ይባላል።

መጽሐፈ ሩትን ያነበባችሁ ታስታውሳላችሁ። በዚያችው የእንጀራ ከተማ ራብ ገብቶ ኑኃሚን ከነቤተሰቧ ተሰደደች። ባሏም ሁለት ወንዶች ልጆቿም በሰው አገር ሞቱባት። ከምራቷ ከሩት ጋር ተመልሳ ቤተልሔም የገባችው ገብስ ሲታጨድ ነበር። ሩት ቃርሚያ እየለቀመች አማቷን መገበች፤ ሁለት ባል የሞተባቸው ሴቶች፣ ያለ ብድርም ያለ ዋስም።

ለሚቀጥለው ስብሰባ ሁላችሁም መታወቂያችሁን ይዛችሁ ኑ፤ ስሙን ፊደል በፊደል አመሳክረን መዝገቡን እናስተካክላለን። ቡና ላይ ግን ቤቲ ማለታችንን አንተውም።