ተዋናዩ ለምን አዘጋጅ ሆነ?

(ለተማሪዎች ማኅበር የትያትር ክበብ አባላት የተደረገ ንግግር)



ክበባችን በተሰበሰበ ቁጥር ቀድሞ የሚነሣው ጥያቄ «ለእኔ የትኛው ድርሻ ይሰጠኛል?» የሚል ነው። ዛሬ ስለ አንድ ያገራችን ሰው ጥቂት ለመናገር የተነሣነው ይህንኑ ጥያቄ ለመመርመር ነው። ዓመቶቹን በአውሮፓ አቆጣጠር እንጠቅሳለን።

ከተዋናይነት ወደ አዘጋጅነት መሻገር በሌላውም ዓለም የታየ ነገር ነው። ሶቪየታዊው ሰርጌይ ቦንዳርቹክ በተዋናይነት ስሙን ካስጠራ በኋላ በ1959 የመጀመሪያ ፊልሙን አዘጋጀ፤ ቀጥሎም የቶልስቶይን «ጦርነትና ሰላም» በመንግሥት ገንዘብና በሺህ በሚቆጠሩ ወታደሮች እየተረዳ ሠራ። የእኛው ኃይሌ ገሪማ ግን እንዲህ ያለ ደጋፊ አልነበረውም።

ኃይሌ በ1946 ጎንደር ተወለደ። አባቱ ገሪማ ታፈረ ደራሲና የትያትር ሰው ስለ ነበሩ መድረክን የለመደው ገና በልጅነቱ ነው። በ1967 ትወና ሊማር ቺካጎ ወደሚገኘው ጉድማን የድራማ ትምህርት ቤት ሄደ። እዚያ ግን የሚሰጠው የአሽከር ድርሻ ሆኖ አገኘው። ድርሻን የሚያድለው ታሪኩን የያዘው ነውና የተዋናዩ ችሎታ ቢጨምርም ድርሻው አይጨምርም። ስለዚህ በ1970 ወደ ሎስ አንጀለስ ተሻግሮ በካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ የፊልም ትምህርት ጀመረ።

በ1974 የዘውዱ መንግሥት በሚናወጥበት ወራት አገሩ መጥቶ «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» የተባለውን ፊልም በጥቁርና ነጭ ቀረጸ። በዚያ ፊልም ጭሰኛው የታሪኩ ባለቤት ነው፤ አጃቢ አይደለም። በ1993 ስለ ባርነት የሚናገረውን «ሳንኮፋ»ን ሲጨርስ የአሜሪካ አከፋፋዮች ፊቱን ቢነሡት፣ ሲኒማ ቤት ራሱ እየተከራየ አሳየ። «ጤዛ»ን ለመሥራት ገንዘብ ሲያፈላልግ ዓመታት ፈጁበት፤ በ2008 በቬኒስ የዳኞች ልዩ ሽልማት፣ በ2009 ደግሞ በዋጋዱጉ ታላቁን ሽልማት አገኘበት።

ከቦሌ እስከ ገርጂ የምንኖር አባላት አውሮፕላን ሲነሣ በየቀኑ እንሰማለን። ትልቁ ድርሻችን ባሕር ማዶ የሚጠብቀን የሚመስለንም ጥቂቶች አይደለንም። ኃይሌ በባሕር ማዶ ዕውቀትና መሣሪያ አግኝቷል፤ ከ1975 ጀምሮም በዋሽንግተን ሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ ለብዙ ዓመታት አስተምሯል። ይህን አንክድም። ነገር ግን እዚያ ሲደርስ የጠበቀው የአሽከር ድርሻ እንደ ነበረ አንርሳ። ከዚያ ያወጣው ከቤቱ ይዞት የሄደው ታሪክ ነው።

ስለዚህ አንድ ነገር እንለምናችኋለን። በሚመጣው ስብሰባ እያንዳንዳችን ከየሰፈራችን ያየነውን፣ የዘበኛውንም ይሁን የቀን ሠራተኛውን፣ የሻይ ቤቷንም እመቤት ኑሮ፣ በሁለት ገጽ ጽፈን እንምጣ። ድርሻ የምናድለው ከዚያ በኋላ ይሁን።