ታሪካችን የማን የቡና ቁርስ ነው?

(በማኅበራችን ጠቅላላ ጉባኤ ላይ ከሒሳብ ክፍል የቀረበ ንግግር)



ከሒሳብ ክፍል ሰው ሲነሳ የምትጠብቁት ቁጥር ነው። የዓመቱ ገቢና ወጪ ተባዝቶ በእጃችሁ ይገኛል፤ በኋላም መስመር በመስመር እናየዋለን። አሁን የምንናገረው በመዝገባችን ላይ ቦታ ስለሌለው ነገር ነው፤ ስለ ታሪካችን።

በርበሬ በረንዳ በርበሬ ሲቀነጥሱ የሚውሉ እናቶቻችን አንድ ፍልስፍና አላቸው። ከማረቆ፣ ከአላባ፣ ከቡሬ የመጣው ዛላ ፊታቸው ተቆልሎ፣ አፍና አፍንጫቸውን በነጠላ ሸፍነው፣ እያሳሉና እያስነጠሱ ቀኑን ሙሉ ያወራሉ። “ጉሮሯችሁን ለምን አታሳርፉም?” ብንላቸው፣ “ሰው በእንጀራ ብቻ የሚያድር መሰላችሁ? ሰው የሆነውን ነገር ካልበላ አይጠግብም” አሉን። ትምህርታቸው ሦስት ነገር ነው። ታሪክ ምግብ ነው። ምግብ ስለሆነ ያጠግባል፣ ከተበላሸም ይመርዛል። የበላ ሰው ደግሞ ሒሳቡን መክፈል አለበት።

ነገሩ ለእኛ እንግዳ አይደለም። ወሬ ይጠማናል። “ነገር በምሳሌ፣ ጠጅ በብርሌ” እንላለን። አቦሉ ወርዶ ቆሎው ቀርቦ የጎረቤት ስም ካልተነሳ ቡናው አይጥመንም። ስሟ የተነሳባት ጎረቤት ደግሞ ስትሰማ “የቡና ቁርስ አደረጉኝ” ብላ ታዝናለች። በላተኛው ጠግቦ ሲነሳ የተበላ ሰው እንዳለ የምታውቀው እሷ ናት።

በአገር ደረጃም አይተነዋል። በ1965 እና በ1966 ዓ.ም. የወሎ ሕዝብ በረሃብ ሲያልቅ ወሬው ተሸፍኖ ነበር። በጥቅምት 1966 ዓ.ም. ጆናታን ዲምብልቢ የተባለ እንግሊዛዊ ጋዜጠኛ ያየውን በአገሩ ቴሌቪዥን አሳየ፤ ለተራበውም ርዳታ ተሰበሰበ። ያው ፊልም መስከረም 1 ቀን 1967 ዓ.ም. ከቤተ መንግሥት ግብዣ ሥዕሎች ጋር እየተቀላቀለ በኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ቀረበ። በማግስቱ ንጉሠ ነገሥቱ ከዙፋን ወረዱ። ያ ታሪክ ለተራበው እህል፣ ለደርግ ደግሞ የሥልጣን መሰላል ሆነ።

በ1977 ዓ.ም. ሌላ ረሃብ መጣ። በጥቅምት ወር የቢቢሲው ማይክል ቡርክና ኬንያዊው ካሜራማን መሐመድ አሚን ከኮረም ያስተላለፉትን አይቶ ዓለም አለቀሰ። ዘፋኞች ተሰባሰቡ፤ ሐምሌ 6 ቀን 1977 ዓ.ም. በለንደንና በፊላደልፊያ “ላይቭ ኤይድ” የተባለው ኮንሰርት ተደረገ። ውለታውን አንክድም፤ በዚያ እህል የተረፈ ወገን ብዙ ነው። ሆኖም በፊልሙ ከታዩት ሰዎች የአብዛኞቹ ፊታቸው እንጂ ስማቸው ለዓለም አልደረሰም። መጀመሪያ የወጣው ዘፈን ርዕስ “ገና መሆኑን ያውቃሉ ወይ?” የሚል ነበር። ላሊበላ ላለባት አገር የቀረበ ጥያቄ ነው! ከዚያ ወዲህ 40 ዓመት አልፏል፤ ውጭ አገር ያሉ ልጆቻችን ግን ዛሬም ከኢትዮጵያ ነን ሲሉ ስለ ረሃብ ይጠየቃሉ። ታሪኩ እስከ ዛሬ እየተበላ ነው።

ሩቅ ያለውን መውቀስ ቀላል ነው። ባለፈው ዓመት እኛም ይህንኑ አድርገናል።

በዜና መጽሔታችን የአንዲት እናታችንን ታሪክ አወጣን። እሳቸው የነገሩን፣ ሥራ በጠፋ ጊዜ ከጎረቤት እህል ተበድረው ልጆቻቸውን እንዳሳደሩና ኋላም ብድራቸውን እንደከፈሉ ነበር። እኛ ግን አንባቢ እንዲያዝን ብለን፣ የሚቀምሱት አጥተው እጃቸውን ለምጽዋት እንደዘረጉ አድርገን ጻፍነው። መክፈላቸውን ዘለልነው። ፎቶግራፋቸውንም ከላይ አደረግን።

ያ ወረቀት በርበሬ በዱቤ የሚሰጧቸው ነጋዴ እጅ ገባ። በርበሬ በረንዳ ዱቤ ማለት ምን እንደሆነ ታውቃላችሁ። ያለ ውል፣ ያለ መያዣ፣ በስም ብቻ አንድ ፈረሱላ፣ 17 ኪሎ በርበሬ ይወሰዳል፤ ተሽጦ ዋጋው ይመለሳል። ስም ካለ ዕቃ አለ። ነጋዴው “ለልመና የወጣ ሰው ከየት አምጥቶ ይከፍለኛል?” ብለው ዱቤውን አቆሙ።

እኛ ነገሩን ያወቅነው ከቁጠባ መዝገቡ ነው። አንድም ሳምንት ሳያቋርጡ የሚቆጥቡት እናት አምስት ሳምንት ባዶ ሆነባቸው። ታመው ይሆናል ብለን ቤታቸው ሄድን። ቡና አፈሉልን። በረካው ሲቀዳ፣ “ልጆቼ፣ የእኔን ታሪክ ለሰው የቡና ቁርስ አድርጋችሁ አቀረባችሁት። ያነበበው አዘነና ጠገበ፤ ማኅበሩም ገንዘብ አገኘ፤ እኔ ግን እንጀራዬ ተዘጋ” አሉን። የምንመልሰው አልነበረንም።

ሽማግሌ ይዘን ወደ ነጋዴው ሄድን። ጥፋቱ የእኛ መሆኑን ተናግረን የቁጠባ ደብተራቸውን አሳየን። ዱቤው ተመለሰ፤ ግን ለጊዜው ግማሽ ፈረሱላ ብቻ ነው።

በሒሳብ ሥራ በአንድ በኩል የገባ ነገር በሌላ በኩል ከየት እንደመጣ ይጻፋል። ያ ታሪክ ያስገኘውን ገንዘብ በገቢ መዝግበነዋል። ከእናታችን የወጣውን ግን የትም አልጻፍነውም። ኦዲተር አይቶ ያለፈው መዝገብ ነው፤ እኛ ግን ጉድለቱን እናውቃለን።

ስለዚህ ጉባኤው እንዲወስንልን የምንጠይቀው አራት ነገር ነው።

አንደኛ፣ የማንኛዋም አባል ታሪክ ከመውጣቱ በፊት በምትሰማው ቋንቋ ይነበብላት። ታርም፣ ታስወጣ፣ ካልፈለገችም ትከልክል፤ መከልከሏ በብድር ጥያቄዋ ላይ ምንም አያምጣ።

ሁለተኛ፣ መከራዋ ከተጻፈ መከራውን እንዴት እንደተወጣችውም ይጻፍ። የከፈለች ከሆነ መክፈሏ ይነገር።

ሦስተኛ፣ ያለ ፈቃዷ ፎቶግራፍ አይውጣ፤ ፈቅዳም ሐሳቧን ብትቀይር በሚቀጥለው እትም አይደገም።

አራተኛ፣ በታሪኳ ምክንያት የተገኘ ነገር ካለ ምን ያህል እንደሆነና ለምን እንደዋለ ለእሷው ይነገራት።

ውድ ደጋፊዎቻችን፣ ይህን በፊታችሁ የምንናገረው እናንተን ለመውቀስ አይደለም። አጋንኑ ያለን የለም። ካላስለቀስናችሁ አትሰጡንም ብለን ፈርተን ያደረግነው ነው፤ በዚህም እናንተንም አሳንሰናችኋል። ከእንግዲህ በሪፖርታችን እንባው ያንሳል፤ የቁጠባ ቁጥር፣ የተከፈለ ብድር፣ የተነሳ ፈረሱላ ይበዛል። ምናልባት የሚመጣው ገንዘብም ሊያንስ ይችላል። ይህንንም ለአባላቶቻችን ሳንደብቅ ነው ድምፅ ስጡ የምንለው።

በመጨረሻ፣ ይህን ንግግር ከማቅረባችን በፊት ለእኚሁ እናታችን ቤታቸው ሄደን አነበብንላቸው። ስማቸው እንዳይጠራ ፈለጉ፤ አልጠራንም። “ምስኪን” የሚል ቃል ነበረበት፤ አስወጡት። ብድራቸውን መክፈላቸው ሳይነገር እንዳይቀር አደራ አሉን፤ ተናግረናል።