የካርቱሟ ሠዓሊ አላ ሳቲር



አላ ሳቲር በካርቱም ዩኒቨርሲቲ የተማረችው የሕንፃ ንድፍ ነው፤ ስሟ የታወቀው ግን የሴቶችን የዕለት ኑሮ በጥቂት መሥመር በሚገልጸው የካርቱን ሥዕሏ ነው። በ2011 ዓ.ም. ሕዝቡ በከተማው የጦር ጠቅላይ መምሪያ ፊት በሰፈረ ጊዜ፥ እርሷም ከወረቀት ወደ ግድግዳ ተሻግራ የሰልፉን ሴቶች ሳለች። ሕዝቡ እነዚህን ሴቶች «ካንዳካ» ይላቸው ነበር፤ ይኸውም የጥንት የመርዌ ነገሥታት እመቤቶች ማዕርግ ሲሆን፥ እኛ በሐዋርያት ሥራ «ህንደኬ» ብለን የምናነበው ነው። ግንቦት 26 ቀን ሰፈሩ በጥይት ተበተነ፤ ብዙ ሰው ሞተ፤ ከግድግዳ ሥዕሎቹም ብዙዎቹ በቀለም ተሸፈኑ።

እኔም በደብተር ኅዳግ የተሣለ ሥዕል ሁሉ እንዲፋቅ ሠልጣኞቼን ሳስተምር ኖሬአለሁ። ባለፈው ሳምንት አንዲት ሠልጣኝ የማስተማር ልምምድ ስታደርግ የአንዲት ልጅ ደብተር አሳየችኝና «ይፋቅ?» አለችኝ። «ይቈይ» አልኋት።